የምናባዊ አክሲዮን ውድድርን ያሸነፍኩበት መንገድ፤ ቀጣዩን ዙር ለምትገቡ

በምናባዊ ገንዘብ አክሲዮን የሚገዛበትና የሚሸጥበት የኦንላይን ውድድር ላይ አንደኛ ከወጣሁ ወዲህ ጠያቂዬ በዝቷል። ኮሜርስ አብረውኝ የተማሩ ልጆች፣ የመሥሪያ ቤቴ ሰዎች፣ የማላውቃቸው ሳይቀሩ የሚጠይቁኝ አንድ ነገር ነው፦ «የቱን አክሲዮን ገዝተሽ ነው?» መልሱን ብነግራችሁ አይጠቅማችሁም። ያኔ የወጣው አክሲዮን በሚቀጥለው ዙር ሊወርድ ይችላል። የሚጠቅማችሁ የውድድሩን ጠባይ ማወቅ ነው፤ እሱ ከዙር ዙር ብዙም አይለወጥም።

የእኛ ውድድር እንዲህ ነበር። እያንዳንዱ ተወዳዳሪ 100,000 ምናባዊ ዶላር ይሰጠዋል። ዋጋው እውነተኛው የኒውዮርክ ገበያ ዋጋ ነው። ጊዜው ስድስት ሳምንት፤ በመጨረሻው ዓርብ ጠቅላላ ሀብቱ የበለጠ ያሸንፋል። አንድ አክሲዮን ወይም ፈንድ (ብዙ አክሲዮኖችን ባንድ ጠቅልሎ የያዘ፣ እንደ አክሲዮን የሚገዛ) ስትገዙ ከጠቅላላ ሀብታችሁ 40 በመቶ ማለፍ አይቻልም። የገንዘብ ብድር የለም። ሾርት ማድረግ (ይወርዳል ያሉትን አክሲዮን ተበድሮ መሸጥ) ይፈቀዳል። የደረጃ ሰንጠረዡ በየሌሊቱ ገበያው ከተዘጋ በኋላ ይታደሳል፤ የሰው ስም ስትነኩ የያዘው ሁሉ ይታያል። ይህቺን የመጨረሻዋን ነገር አብዛኛው ሰው ከቁም ነገር አልቆጠራትም፤ እኔን ለማሸነፍ ያበቃችኝ ግን እሷ ናት።

ሕጉን አንብቡት ስል እንደ ወግ አይደለም። ከመቶ በላይ ከነበርነው ተወዳዳሪዎች ሰንጠረዡ የሚታደስበትን ሰዓት የሚያውቁት ጥቂቶች ነበሩ። ስታነቡ የምትፈልጉት ይህን ነው፦ ደረጃ የሚወጣው በጠቅላላ ሀብት ነው ወይስ አደጋን ባገናዘበ ስሌት? በአንድ ድርጅት ላይ ጣሪያ አለ? ከ5 ዶላር በታች የሆኑ አክሲዮኖች ተከልክለዋል? ኮሚሽን ይቆረጣል? ዝቅተኛ የግብይት ብዛት ይጠየቃል? የምታዩት ዋጋ የአሁኑ ነው ወይስ 15 ወይም 20 ደቂቃ የዘገየ? የመጨረሻው ከሁሉ የከበደ ነው። ማንንም ሳትጠይቁ በአንድ አክሲዮን ፈትኑት። ገበያው እንደተከፈተ ዋጋው ሽቅብ ቁልቁል በሚልበት ሰዓት የአንድ ድርጅት አንዲት አክሲዮን ግዙ፣ የተጫናችሁበትን ደቂቃ ጻፉ፣ ከዚያ ትዕዛዙ የተፈጸመበትን ዋጋ ከሌላ ቦታ ከምታዩት ቻርት ጋር አስተያዩ። የእኛው ትዕዛዙን ተቀብሎ ከ15 ደቂቃ በኋላ በደረሰው ዋጋ ነበር የሚፈጽመው። ስለዚህ «አሁን እየወጣ ነው፣ ልያዘው» የሚል ጨዋታ እዚያ ላይ ዋጋ አልነበረውም። ይህን ያልፈተኑ ልጆች የመጀመሪያውን ሳምንት የገዙበትና የገመቱት ዋጋ ለምን እንደማይገጥም ሲከራከሩ ከረሙ።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልግባ። ይህ ውድድር የመዋዕለ ንዋይ ፈተና አይደለም፤ ደረጃ የሚወጣበት ሩጫ ነው። አሥረኛ መውጣትና መቶኛ መውጣት እኩል ነው፤ ሽልማቱ የሚሰጠው ላይኛው ጫፍ ላይ ብቻ ነው። በዩኒቨርሲቲ የተማርነው «ገንዘብህን በትነህ አስቀምጥ» የሚለው ትምህርት ለጡረታ ገንዘብ ልክ ነው፤ እዚህ ግን በሰላም መሀል ሰፋሪ ያደርጋችኋል። ሂሳቡ ቀላል ነው። ኤስ ኤንድ ፒ 500 የሚባለው የአሜሪካ ገበያ መለኪያ በረጅም ዘመን አማካይ በዓመት ወደ 10 በመቶ ይጠጋል። ስድስት ሳምንት ደግሞ ከዓመቱ አንድ ዘጠነኛ ያህል ነው፤ ስለዚህ ገበያውን ሁሉ ገዝቶ የተቀመጠ ሰው በአማካይ ዕድል የሚያገኘው ከ1 በመቶ ብዙ የማያልፍ ነው፤ ከ100,000 ላይ 1,000 ዶላር ትንሽ ፈቅ ብትል ነው። ከመቶ ሰው መካከል ግን አንዱ፣ በብልጠትም ይሁን በዕድል፣ 30 በመቶ ይዞ ብቅ ይላል። ቀስ በቀስ እንቁላል በእግሩ ይሄዳል እንላለን፤ በስድስት ሳምንት ውድድር ግን እንቁላሉ እግር ሳያወጣ ፊሽካው ይነፋል።

ስለዚህ መዋዠቅ ያስፈልጋችኋል። ግን መዋዠቅ ብቻውን አይበቃም፤ ሌላው ያልያዘው መዋዠቅ መሆን አለበት። በእኛ ዙር ግማሹ ሰው ኤንቪዲያን (የኮምፒውተር ቺፕ ድርጅቱን) ይዞ ነበር። ኤንቪዲያ ሲወጣ የያዘው ሁሉ አብሮ ይወጣል፣ ሲወርድ የያዘው ሁሉ አብሮ ይወርዳል፤ በሰንጠረዡ ላይ ከያዙት አንዱ ሌላውን አያልፍም። ድርጅቱ ጥሩ ይሁን መጥፎ ሌላ ጉዳይ ነው፤ ሰው ሁሉ የያዘውን መያዝ በዚህ ጨዋታ ጥሬ ገንዘብ ከመያዝ ብዙም አይለይም። እኔ በመጀመሪያው ሳምንት ምንም ትልቅ ነገር ሳልገዛ የመጀመሪያዎቹን ሠላሳ ሰዎች አንድ በአንድ እየከፈትሁ ማን ምን እንደያዘ በደብተር ስመዘግብ ነበር። አሰልቺ ሥራ ነው። ከተንታኝ ቪዲዮ ሁሉ የበለጠ የጠቀመኝ ግን ይኸው ነው።

መዋዠቁ ከየት ይመጣል? ትልቁ ምንጭ የድርጅቶች የሩብ ዓመት ሪፖርት ነው። ሪፖርቶቹ የሚጎርፉት ከጥር፣ ከሚያዝያ፣ ከሐምሌና ከጥቅምት አጋማሽ ጀምሮ ነው፤ ወራቱን በፈረንጅ አቆጣጠር ውሰዱልኝ። ውድድራችሁ በዚያ ወቅት ከዋለ ዕድለኞች ናችሁ። ቀናቱ አስቀድመው ይታወቃሉ፣ አብዛኛው ትልቅ የቴክኖሎጂ ድርጅት ሪፖርቱን የሚያወጣው ገበያው ከተዘጋ በኋላ ነው፣ በማግስቱ ጠዋት አክሲዮኑ ዘልሎ ወይም ወድቆ ይከፈታል። ምን ያህል ቢባል፦ የፌስቡክ ባለቤት ሜታ እ.ኤ.አ. በየካቲት 2022 በአንድ ቀን ወደ 26 በመቶ ወደቀ፤ ይኸው ድርጅት በየካቲት 2024 በአንድ ቀን 20 በመቶ ወጣ። ኤንቪዲያ በግንቦት 2023 ሪፖርቱን ባወጣ ማግስት 24 በመቶ ግድም ዘለለ። በ40 በመቶ ጣሪያ ሂሳቡን ሥሩት፦ 40,000 ዶላር ያደረጋችሁበት ድርጅት 20 በመቶ ሲወጣ 8,000 ዶላር በአንድ ሌሊት ገባ ማለት ነው። ሲወርድም ያንኑ ያህል ትከስራላችሁ።

እኔ ያደረግሁት ይህን ነው። በየምሽቱ ሪፖርት ከሚያወጡት መካከል ሌሎች ብዙ ያልያዙትን አንድ ወይም ሁለት መርጬ ገዝቼ አድራለሁ፤ በማግስቱ ገበያው ሲከፈት ትርፍም ይሁን ኪሳራ ሸጬ ወደሚቀጥለው እሻገራለሁ። ገንዘቡ አንድ ቦታ አይተኛም። ሪፖርቱ ጥሩ ይሁን መጥፎ አስቀድሜ አውቃለሁ የሚል ሰው ካጋጠማችሁ ሰምታችሁ እለፉት። እኔ የማውቀው ነገር አልነበረም። የማውቀው ስድስት ሳምንት ሙሉ ከማንቀላፋት፣ ሁለት ሦስት ጊዜ ትልቅ ንቅናቄ ውስጥ መገኘት ወደ ላይኛው ጫፍ የመድረስ ዕድሌን እንደሚያሰፋው ብቻ ነው። ግማሾቹ ምሽቶች አከሰሩኝ። ከቀሩት ውስጥ ሁለቱ ብቻ ሌላውን ሁሉ ከፈሉ።

ባለ ሦስት እጥፍ ፈንዶችን ሰው ሁሉ ስለሚጠይቀኝ ትንሽ ልበል። እንደ ሶክስኤል ያሉት (የቺፕ አምራቾችን መለኪያ በቀን ሦስት እጥፍ አደርጋለሁ የሚለው) ለዚህ ውድድር የተሠሩ ይመስላሉ፤ ግን «ሦስት እጥፍ» የተባለው የአንድ ቀን ለውጥ ነው፤ የሳምንቱ ወይም የወሩ አይደለም። መለኪያው ዛሬ 100 ሆኖ ነገ 10 በመቶ ወጥቶ 110 ቢሆንና ከነገ ወዲያ ወደ 100 ቢመለስ መለኪያው የትም አልሄደም። ፈንዱ ግን መጀመሪያ 30 በመቶ ወጥቶ 130 ይሆናል፣ ከዚያ የ9.09 በመቶውን ውድቀት ሦስት እጥፍ፣ ማለትም 27.27 በመቶ ይወድቃል። የቀረው 94 ዶላር ከ55 ሳንቲም ነው። ገበያው ወዲያና ወዲህ በሚልበት ወር ይህን ይዞ መክረም ማለት ማንም ሳይወስድባችሁ ገንዘባችሁ ሲሳሳ ማየት ነው። ስለዚህ ለአንድና ለሁለት ቀን እጠቀምበታለሁ፣ ለወር አልይዘውም።

ሾርት? ዋጋው ይወርዳል ብላችሁ አክሲዮኑን ተበድራችሁ መሸጥ፣ በኋላም ገዝታችሁ መመለስ ይፈቀዳል፤ እኔ በትንሹ ካልሆነ አልነካውም። የምትገዙት አክሲዮን ቢከፋ ዜሮ ይገባል። ሾርት ያደረጋችሁት ግን ለመውጣቱ ጣሪያ የለውም። የቪዲዮ ጌም ሻጩን የአሜሪካ ድርጅት ጌምስቶፕን አስታውሱ፤ በጥር 2021 (እ.ኤ.አ.) መጀመሪያ አካባቢ ከ20 ዶላር በታች የነበረው አክሲዮን በዚያው ወር መጨረሻ በአንድ ቀን ውስጥ 483 ዶላር ነክቷል። በምናባዊው ውድድር ደግሞ መያዣችሁ ሲያንስ ሲስተሙ ራሱ ይዘጋባችኋል፤ አልቅሳችሁ የምትለምኑት ሰው የለም።

ስለ ሰዓት የምለው ለአዲስ አበባ ልጆች ነው፤ በሌላ አገር የተጻፉ ምክሮች ይህን አይነግሯችሁም። የኒውዮርክ ገበያ የሚከፈተው በእነሱ 9:30 ጠዋት፣ የሚዘጋው 4:00 ከሰዓት ነው። በእኛ አቆጣጠር በበጋ ሰዓታቸው ከቀኑ 10:30 ተከፍቶ ከምሽቱ 5:00 ይዘጋል። ሰዓታቸውን ወደ ኋላ ሲመልሱ ደግሞ ከ11:30 እስከ ሌሊቱ 6:00 ይሆናል። ለውጡ የሚመጣው በኅዳር (በእነሱ) የመጀመሪያው እሑድ ነው፤ ለእኛ ጥቅምት ማብቂያ ላይ ይውላል። በመጋቢት ሁለተኛ እሑዳቸው ደግሞ ይመለሳል፤ ይህም የካቲት መጨረሻ ወይም የእኛ መጋቢት መጀመሪያ ነው። የእኛ ዙር ይህን ለውጥ መሀሉ ላይ ይዞት ነበር። ከለውጡ ቀጥሎ በነበረው ሰኞ 10:30 ላይ «ሲስተሙ አይሠራም» የሚል ቅሬታ ሲጎርፍ፣ እኔ ለገሃር አጠገብ ካለው መሥሪያ ቤቴ ወንበር ላይ ሆኜ የአንድ ሰዓት ዕረፍት እንዳለኝ አውቅ ነበር።

ይህች ሰዓት ለሠራተኛ ሰው ክፉ ናት። በበጋው ሰዓት ገበያው ሲከፈት ሥራ ላይ ናችሁ። በክረምታቸው ሰዓት ደግሞ ልክ ከሥራ ወጥታችሁ የታክሲ ሰልፍ ላይ ስትቆሙ ይከፈታል፤ የመጀመሪያዎቹ ሠላሳ ደቂቃዎች ደግሞ ዋጋ በጣም የሚዘልባቸው ናቸው። እኔ ወደ ፒያሳ ለመመለስ ሰልፍ ላይ ሆኜ፣ አንድ እጄ ቦርሳዬ ላይ፣ በሌላው እጄ በስልክ ልሽጥ ብል ወይ ኔትወርኩ ይንቀረፈፋል ወይ ገፊ ይመጣል። ስለዚህ ትዕዛዞቼን ምሳ ሰዓት ላይ በሊሚት አስገብቼ እጨርሳለሁ፦ «ይህ ዋጋ ከደረሰ ሽጥ፣ ካልደረሰ ተወው።» ማርኬት ኦርደር (ዋጋ ሳይወስኑ በተገኘው ዋጋ ግዛ ወይም ሽጥ ማለት) በመክፈቻ ሰዓት፣ በተለይ ዋጋው የዘገየ ሲስተም ላይ፣ ገንዘብ መበተን ነው። ማታ ደግሞ መብራት ሊሄድ ይችላል፤ ዋይፋዩ አብሮ ይሄዳል። የሞባይል ዳታ ጥቅል ለክፉ ቀን ይኑራችሁ።

ስቶፕ ሎስን (ዋጋው እዚህ ከወረደ ሽጥ የሚለውን ትዕዛዝ) አትመኑት፤ ማለቴ ለሌሊት ዝላይ አትመኑት። በ100 የገዛችሁትን «92 ከደረሰ ሽጥ» ብላችሁ ተኝታችሁ ድርጅቱ መጥፎ ሪፖርት አውጥቶ በ80 ቢከፈት የምትሸጡት በ80 አካባቢ ነው። በ92 የሚገዛ ሰው በመሀሉ አልነበረም። በሪፖርት ምሽት የሚጠብቃችሁ የገዛችሁት መጠን ብቻ ነው።

በዓላትም ልብ ይባሉ። ገና ታኅሣሥ 29 ነው፣ አዲስ አበባ ዶሮ ወጥና ጠጅ ላይ ነች፤ ኒውዮርክ ግን የሥራ ቀን ነው። እኔ በዓል ሲሆን ሰንጠረዡ ላይ ከሌላው ቀን ይልቅ ጥቂት ሰው ሲንቀሳቀስ አይቻለሁ። በተቃራኒው የእነሱ የምስጋና ቀን፣ የኅዳራቸው አራተኛ ሐሙስ፣ ገበያው ዝግ ነው፤ ማግስቱ ዓርብ ደግሞ በግማሽ ቀን ይዘጋል። ጥምቀት አንዳንድ ዓመት ከማርቲን ሉተር ኪንግ በዓላቸው ጋር ይገጥማል፤ ያን ቀን ጃንሜዳ ሄዳችሁ ያለ ሐሳብ መዋል ትችላላችሁ።

ከዜና ቀናት ሁለቱን ብቻ እከታተላለሁ። አንደኛው የአሜሪካ የሥራ ቅጥር ሪፖርት ነው፤ አብዛኛውን ጊዜ በወሩ የመጀመሪያ ዓርብ፣ ገበያው ከመከፈቱ አንድ ሰዓት ቀድሞ ይወጣል። ሁለተኛው የማዕከላዊ ባንካቸው የወለድ ውሳኔ ነው፤ በእኛ ከምሽቱ 3:00፣ በክረምታቸው 4:00። የቀረውን ሁሉ ተውኩት።

አጎቴ ቡና አቅራቢ ናቸው። የኢትዮጵያ ምርት ገበያ በ2000 ዓ.ም. ሥራ ከጀመረ አንሥቶ ሜክሲኮ አካባቢ ሲመላለሱ፣ ሻጭና ገዥ እጅ ለእጅ ተመታትተው ውል ሲያስሩ ቆመው ያዩ ሰው ናቸው። ስለ ውድድሩ ሳወራቸው ሳቁብኝ። «እኛ ስንሳሳት ኩንታል ነው የሚጎድልብን፣ የኔ ልጅ፤ አንቺ የሚጎድልብሽ ቁጥር ነው» አሉኝ። «ታዲያ ጋሼ፣ ለዚህ እኮ ነው የምደፍረው» አልኳቸው። ከልቤ ነው ያልኩት። እዚህ የምጽፈው ዘዴ ሁሉ የቆመው ኪሳራው ምናባዊ በመሆኑ ላይ ነው። የኢትዮጵያ ሰነደ መዋዕለ ንዋዮች ገበያ ጥር 2 ቀን 2017 ዓ.ም. ተከፍቷል፣ ወጋገን ባንክም ከባንኮች ቀድሞ ተመዝግቦበታል፤ እኔም እዚያ ትንሽ ለመግዛት አስባለሁ። እዚያ ስገባ የሪፖርት ምሽት ቁማር የለም፣ ሦስት እጥፍ የለም፣ ሌላውን ማለፍ የለም። ኢትዮ ቴሌኮም አንዱን አክሲዮን በ300 ብር ሲሸጥ የገዛች አክስቴ ማንንም መቅደም አያስፈልጋትም፤ መጠበቅ ብቻ ነው ያለባት። ሁለቱን የሚያደባልቁ ልጆች አይቻለሁ፤ በውድድሩ ጎበዝ ሆነው በቴሌግራም «ሲግናል» (ይህን ግዛ፣ ያን ሽጥ የሚል ጥቆማ) ለሚሸጥ ሰው እውነተኛ ብራቸውን የሚሰጡ። ሲግናሉ ያን ያህል ጥሩ ቢሆን ሻጩ በወር በጥቂት መቶ ብር አይሸጥላችሁም ነበር።

ከዚህ በኋላ ያለው ነው ውድድሩን ያሸነፈልኝ።

የመጨረሻው ሳምንት ረቡዕ ሌሊት ሰንጠረዡ ሲታደስ እኔ በ131,000 እየመራሁ ነበር። ሁለተኛው የአራት ኪሎ ልጅ ነው፣ 127,000። ሦስተኛው 118,000 ላይ ቀርቷል። ሐሙስ ምሳ ሰዓት ጓደኛዬ ማኪያቶዋን እያማሰለች «እየመራሽ ነው እኮ! ሁሉንም ሸጠሽ በጥሬ ገንዘብ ቁጭ በይ» አለችኝ። ደኅና ምክር ይመስላል። ግን የልጁን ስም ነክቼ የያዘውን ሳይ 50,000 ዶላሩ ሶክስኤል ውስጥ ነው፤ የቀረው ብዙ የማይነቃነቅ ነገር ውስጥ ነው። ወረቀት አውጥቼ ሠራሁት።

ሶክስኤል በሁለት ቀን 15 በመቶ ቢወጣ (ያን ያህል መዋዠቅ ለእሱ ብርቅ አይደለም) ልጁ 7,500 ያገኛል፣ 134,500 ይሆናል፤ እኔ በጥሬ ገንዘብ 131,000 ላይ ተቀምጬ ያልፈኛል። እኔ የዚያኑ ፈንድ 30,000 ብገዛስ? 15 በመቶ ሲወጣ እኔ 4,500 አገኛለሁ፣ 135,500፤ አሁንም ቀዳሚ ነኝ። 15 በመቶ ቢወርድ ደግሞ እሱ 119,500፣ እኔ 126,500፤ ሦስተኛውም 118,000 ላይ ነው፣ ከኋላዬ ነው። በመካከላችን ያለው ልዩነት 4,000 ስለሆነ፣ እሱ ከእኔ በላይ የያዘው 20,000 ብቻ ሲሆን እኔን ለማለፍ ከ20 በመቶ በላይ መውጣት አለበት። ባልገዛው ኖሮ ግን 8 በመቶ ትንሽ አለፍ ማለቱ ይበቃው ነበር። ለምን ሙሉ 50,000 አልገዛሽም ትሉኝ ይሆናል። ሙሉ ከገዛሁ የእሱ መንገድ ይዘጋል፤ ግን ከባድ ውድቀት ቢመጣ ከሦስተኛው ጋር ያለኝ ርቀት ይጠባል። 30,000 ሁለቱንም አቅጣጫ የሚጠብቅ ልክ ሆኖ አገኘሁት።

ጓደኛዬ «ይወጣል ብለሽ ነው?» አለችኝ። ይወጣል አይወጣም የሚለው አስተያየት አልነበረኝም። ይህን ደግሞ ልብ በሉት፤ ስትመሩ የምትገዙት የሚወጣውን ሳይሆን ተከታያችሁ የያዘውን ነው። በሁለቱ ቀናት ፈንዱ 11 በመቶ ግድም ወጣ። እሱ 132,500 አካባቢ ጨረሰ፣ እኔ 134,300 አካባቢ። በጥሬ ገንዘብ ተቀምጬ ቢሆን ሁለተኛ ነበርኩ።

ከውድድሩ በኋላ ልጁን አራት ኪሎ አግኝቼው ሻይ ጠጣን። ዓርብ ጠዋት ሰንጠረዡን ሲከፍት የእሱን ፈንድ እንደያዝኩ አይቷል፤ «ተከትለሽኛል ብዬ ሳቅሁ» አለኝ። ሳቀ እንጂ አልተንቀሳቀሰም። ለተከታይ ያለው ምክር እዚህ ላይ ነው። መሪው የእናንተን ከያዘ ያ መንገድ ጠቧል፤ የያዛችሁት ሲወጣ አብራችሁ ትወጣላችሁ፣ ርቀቱ እንደ በፊቱ አይጠብም። ሸጣችሁ መሪው ያልያዘው ሌላ የሚዋዥቅ ነገር ውስጥ መግባት ነበረባችሁ፤ ይልቁንም መሪው የያዘው ሲወርድ የሚወጣ። ይህን ዓርብ በመክፈቻው ብታደርጉት ደግሞ ሰንጠረዡ የሚታደሰው ከመዝጊያ በኋላ ስለሆነ መሪው ሊያያችሁ አይችልም። ልጁ ያን ቢያደርግ ኖሮ እኔ ምንም ማድረግ አልችልም ነበር፤ ዕድሉ ሰፊ ባይሆንም ነበረው።

ከኋላ ያላችሁ ግን ቸኩላችሁ በሁለተኛው ሳምንት ቤት አታቃጥሉ። ኪት ብራውን፣ ሃርሎውና ላውራ ስታርክስ በ1996 (እ.ኤ.አ.) ባወጡት ጥናት፣ በዓመቱ አጋማሽ ወደ ኋላ የቀሩ የእውነተኛ ፈንድ አስተዳዳሪዎች ከመሪዎቹ ይልቅ በሁለተኛው አጋማሽ አደጋቸውን እንደሚጨምሩ አሳይተዋል። ሰው ነውና እንደዚያ ያደርጋል። እኔ የማየው ግን በውድድር ላይ ድፍረት ጥሩ ሆኖ፣ የድፍረቱ ሰዓት ነው የሚበላሸው። ሦስት ሳምንት ቀርቶ 15,000 ወደ ኋላ መቅረት ምንም አይደለም፤ ሁለት የሪፖርት ምሽት ይመልሰዋል። ሁለት ቀን ቀርቶ 15,000 ወደ ኋላ መቅረት ግን ጣሪያው የፈቀደውን ያህል አንድ ነገር ላይ ከማስገባት ሌላ መንገድ የለውም፤ ያን ጊዜ ግቡበት። አርባኛ ብትወጡ ከአሥራ ሁለተኛ ምን ይለያል?

ስለ ማጭበርበር በአጭሩ፦ ሁለት አካውንት ከፍተው አንዱን ሽቅብ ሌላውን ቁልቁል ያስያዙ ነበሩ፤ ተይዘው ተሰረዙ። አዘጋጆቹ የሚያዩት የመግቢያ አድራሻውን ብቻ አይደለም፣ እርስ በርስ የሚቃረኑ ትዕዛዞችን ጭምር ነው። የያዛችሁትንም በየቡና ቤቱ አታውሩ፤ በተለይ ሰንጠረዡ ገና ካልታደሰ።

የመጨረሻውን ዓርብ ደግሞ ከወዲሁ ጠይቁ። የሚቆጠረው የመዝጊያ ዋጋ ነው ወይስ ሲስተሙ ፎቶ የሚያነሣበት ሰዓት? ከመዝጊያ በኋላ የሚወጣ ሪፖርት ይቆጠራል? የእኛዎቹ የመዝጊያ ዋጋ ነው አሉ፤ ስለዚህ ዓርብ ሌሊት ሪፖርት የሚያወጣ ድርጅት ውስጥ ገንዘቡን ያስገባ ልጅ በከንቱ ደከመ። ዋጋው 15 ደቂቃ የሚዘገይ ሲስተም ከሆነ፣ የመጨረሻ ትዕዛዛችሁን በክረምታቸው ሰዓት በእኛ ሌሊት 5:30 ላይ ጨርሱ፤ ገበያው 6:00 ይዘጋል ብላችሁ 5:50 ላይ ብትጫኑ ትዕዛዙ ሳይፈጸም ያልፋችኋል። እኔ ያን ሌሊት በ5:20 ትዕዛዝ የቀረኝ ነገር አለመኖሩን አረጋግጬ ስልኬን ቻርጅ ላይ ሰካሁት፤ ውጤቱን ያየሁት ቅዳሜ ጠዋት ነው።